ከሩጫው በኋላ ያለው ሰው

አንድ ሰው በሙያው ከታወቀ በኋላ ያ ሙያ ቢቀርበት፣ የሚቀረው ማን ነው? ጥያቄው የፈላስፎች ብቻ ይመስላል። ነገር ግን በዚህ ካምፕ ውስጥ በየመጠለያው፣ ውኃ ለመቅዳት በምንይዘው ሰልፍ፣ ማታም ቡና ተፈልቶ ወሬ ሲጀመር የሚነሣ ነው። በመካከላችን መምህር የነበረ አለ፤ ሃምሳ አለቃ የነበረ አለ፤ ልብስ ሰፊ፣ ነርስ፣ የከባድ መኪና ሾፌር የነበሩ አሉ። «ነበረ» የሚለው ቃል ከስማችን ቀጥሎ የሚጠራ የአባት ስም ሆኖብናል።

ስለዚህ ጥያቄውን ሁላችንም በምናውቃቸው ሰዎች ኑሮ ላይ አድርገን ልንመረምረው ወደድን። እነርሱም የኦሊምፒክ ጀግኖች ናቸው። የመረጥናቸው ስማቸው ትልቅ ስለሆነ ብቻ አይደለም። የስፖርተኛ ሙያ ከሁሉም ሙያ ቀድሞ የሚያልቅ ስለሆነ ነው። መምህር በስልሳ ዓመቱ ያስተምራል፤ ሸማኔ ዓይኑ እስኪፈዝ ይሸምናል። ሯጭና ዋናተኛ ግን ገና በሠላሳ አምስት ዓመቱ ሽማግሌ ይባላል። ግማሽ ዕድሜው ከፊቱ ሳለ የታወቀበት ነገር ከኋላው ይቀራል። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮጳ አቆጣጠር ናቸው።

በ1972 በሙኒክ በተደረገው ኦሊምፒክ ማርክ ስፒትዝ የተባለ የ22 ዓመት አሜሪካዊ ዋናተኛ ሰባት የወርቅ ሜዳሊያ አገኘ። በሰባቱም ውድድሮች የዓለም ክብረ ወሰን ተሰበረ። ከዚያ በኋላ ከመዋኛው ወጣ፤ በኦሊምፒክም ዳግመኛ አልዋኘም። በዚያን ጊዜ የኦሊምፒክ ሕግ ስፖርተኛ በስፖርቱ ገንዘብ እንዳያገኝ ይከለክል ነበር። ስፒትዝ ስሙንና መልኩን ለንግድ ማስታወቂያ አከራየ፤ ገንዘቡ መጣ፤ የውድድሩ በር ግን ተዘጋ። ሕጉ ከላላ በኋላ በ41 ዓመቱ ለ1992ቱ የባርሴሎና ኦሊምፒክ ለማለፍ ሞክሮ ነበር፤ የሚፈለገውን ሰዓት ማምጣት ግን አልቻለም። ውኃው ያው ውኃ ነው፤ ክንዱ ግን ሃያ ዓመት አልፎበታል።

በዚያው በሙኒክ አገራችንን ወክሎ የሮጠው ምሩጽ ይፍጠር በ10,000 ሜትር የነሐስ ሜዳሊያ አገኘ። በ5,000 ሜትር ግን በሰዓቱ ከመነሻው ሳይደርስ ቀረ። በ1976 የአፍሪካ አገሮች የሞንትሪያልን ኦሊምፒክ ሲያድሙ ኢትዮጵያም አብራ አደመች፤ ምሩጽም ሳይሮጥ ተመለሰ። እንግዲህ ስምንት ዓመት ጠብቆ ነው በ1980 በሞስኮ በ5,000ውም በ10,000ውም ወርቅ ያጠለቀው። ይህን ያህል ዓመት የጠበቀ ሰው ለዚህ ድል ከውድድሩ የሚከፈለው ገንዘብ አልነበረም። ኋላም ወደ ካናዳ ሄደ፤ በ2016 መጨረሻ በቶሮንቶ ከተማ አረፈ። የዓለም ሕዝብ «ማርሽ ቀያሪው» እያለ ያጨበጨበለት ሰው የመጨረሻ ዓመቶቹን እንደ እኛው በሰው አገር ኖረ።

ከእነዚህ ሁለት ሰዎች በኋላ የመጣው ኃይሌ ገብረ ሥላሴ ነው። ኃይሌ በ1973 በአርሲ በአሰላ አቅራቢያ ከገበሬ ቤት ተወለደ። ከአሥር ልጆች አንዱ ነበር። ወደ ትምህርት ቤት አሥር ኪሎ ሜትር ይሮጥ ነበር፤ ሲመለስም እንዲሁ። ደብተሩን በግራ ክንዱ ታቅፎ ስለሚሮጥ፣ ትልቅ ሰው ሆኖ በዓለም አደባባይ ሲሮጥ እንኳ ግራ ክንዱ ያንኑ ደብተር የያዘ ይመስል ነበር። ደብተሩ የለም፤ አያያዙ ግን አለ። ይህን ነገር አንባቢው በልቡ ያቆየው፤ ኋላ እንመለስበታለን።

በ1993 በሽቱትጋርት የዓለም ሻምፒዮን ሆነ። በ1996 በአትላንታ፣ በ2000 በሲድኒ በ10,000 ሜትር የኦሊምፒክ ወርቅ አገኘ። በሲድኒ ኬንያዊውን ፖል ቴርጋትን የቀደመው ከሰከንድ አንድ አሥረኛ ባነሰ ጊዜ ነው። በ2008 በበርሊን ማራቶንን በ2 ሰዓት ከ3 ደቂቃ ከ59 ሰከንድ ጨረሰ፤ ከ2 ሰዓት ከ4 ደቂቃ በታች የገባ የመጀመሪያው ሰው ሆነ። ገና ሲሮጥም ወደ ንግድ ገብቶ ነበር። በአዲስ አበባ በቦሌ መንገድ በባለቤቱ ስም «ዓለም» የተባለ ሕንፃ አሠራ። በ2010 በሐዋሳ ሐይቅ ዳር ሆቴል ከፈተ፤ ከዚያም በሌሎች ከተሞች ሆቴሎችን አስከተለ። የቡና እርሻ ያዘ። የኮሪያ መኪናዎችን የሚያስመጣና የሚገጣጥም ድርጅት አቋቋመ።

እዚህ ላይ ክርክር ይነሣል። ከእኛም መካከል ሦስት ዓይነት ተከራካሪ አለ።

የመጀመሪያው ተከራካሪ «ክብር ወደ ገንዘብ ሲለወጥ ይረክሳል» ይላል። ይህ አሳብ የዋዛ አይደለም። የኦሊምፒክ ሕግም ለብዙ ዘመን ይህንኑ ሲል ኖሯል። ጂም ቶርፕ የተባለው አሜሪካዊ በ1912 በስቶክሆልም ሁለት ወርቅ ካገኘ በኋላ፣ ቀደም ሲል በቤዝቦል ጨዋታ ጥቂት ገንዘብ ተቀብሎ ነበር ተብሎ ሜዳሊያዎቹን ተነጠቀ። ኦሊምፒክ ኮሚቴው ይህን ለማረም ሰባ ዓመት ፈጀበት፤ ቶርፕ ያን ጊዜ ሞቶ ነበር። ነገሩን ስንመረምረው ሕጉ ክብርን ከገንዘብ አልለየም። ያደረገው አንድ ነገር ነው፤ ሀብታም ሳይጨነቅ እንዲወዳደር፣ ድሀው ግን ከዳቦና ከውድድር አንዱን እንዲመርጥ አስገደደ። ስለዚህ ሠርቶ ያገኘ ሰው በማግኘቱ ብቻ ረከሰ ማለትን አንቀበልም።

ሁለተኛው ተከራካሪ «ሜዳሊያው የሕዝብ ነው፤ ስለዚህ ከሜዳሊያው የወጣው ሀብትም የሕዝብ ነው» ይላል። በአገራችን ከ1974 በኋላ «ከበርቴ» የሚለው ቃል ስድብ በሆነበት ዘመን ያደግን ሰዎች ይህን አነጋገር እናውቀዋለን። ግማሽ እውነት አለበት። ኃይሌ ሲሮጥ ሬዲዮ ከብቦ የጮኸው፣ በድሉ ያለቀሰው ሕዝብ ነው፤ ያ ጩኸት ባይኖር ስሙ ስም አይሆንም ነበር። ነገር ግን ሕዝብ በአንድ ሰው ላይ ያለው መብት ምን ድረስ ነው? ድካሙን ያልሮጥነው ሩጫ ነው። በእኛ አስተያየት ሕዝቡ የሚጠይቀው ሀብቱን ሳይሆን የሀብቱን አካሄድ ነው፤ ስሙን ለምን አዋለው? ሰው አሠራበት ወይስ ሰው ናቀበት? በ2001 የተጀመረውና ኃይሌ ከመሥራቾቹ አንዱ የሆነበት ታላቁ ሩጫ በአዲስ አበባ ጎዳና ላይ ሜዳሊያ አግኝቶ የማያውቀውን ሕዝብ ያስሮጣል። ሆቴል ሲከፈት ምግብ አብሳይ፣ አስተናጋጅ፣ ዘበኛ፣ አትክልተኛ ይቀጠራል። የሕዝብ የሆነ ክብር ወደ ሕዝብ የሚመለስበት አንዱ መንገድ ይህ ነው።

ሦስተኛው ተከራካሪ ከሁሉ ይከብዳል። «ይህ ሁሉ ዕድል ነው» ይላል። እውነቱን ነው። የምሩጽ እግር ከኃይሌ እግር አላነሰም፤ ያነሰው ዘመኑ ነው። ምሩጽ በሞስኮ ሲያሸንፍ አገር ቤት ትርፍ ቤት ተወርሷል፤ በ1975 በወጣው አዋጅ አንድ ግለሰብ በኢንዱስትሪ ሥራ ላይ የሚያውለው ካፒታል ከ500,000 ብር እንዳይበልጥ ተወስኗል። በውጭም የአትሌቲክስ ሕግ ለገንዘብ በሩን መክፈት የጀመረው ከሞስኮ በኋላ በ1980ዎቹ ውስጥ ነው። ኃይሌ በሽቱትጋርት ሲያሸንፍ ግን ለሻምፒዮኖቹ የመርሰዲስ መኪና ይሰጥ ነበር። በሁለቱ ሰዎች መካከል ያለው አሥራ ሦስት ዓመት ብቻ ነው። እንግዲህ ያልተሳካለትን ሰው «ለምን እንደ ኃይሌ አልሆንክም» ማለት ነውር ነው። ዘመን የዘጋውን በር ጉልበት ብቻውን አይከፍተውም።

ታዲያ ዕድል ይህን ያህል ከሆነ ከእነዚህ ሰዎች የምንማረው ምን ቀረ? የቀረውን እንዲህ ከፍለን ብናየው መልካም ይመስለናል። ሰው ከሙያው ሦስት ነገር ያተርፋል፤ ስም፣ ገንዘብና ልማድ። ስም የመጀመሪያውን በር ያስከፍታል፤ ከዚያ ወዲያ ግን አቅሙ ውስን ነው። በሐዋሳው ሆቴል ያደረ እንግዳ አንሶላው ንጹሕ ካልሆነ፣ ሾርባውም ከቀዘቀዘ፣ ባለቤቱ በአትላንታ አሸንፏል ብሎ ዳግመኛ አይመጣም። ነጋዴ የሆነ ሯጭ እንደ ማንኛውም ጀማሪ ከመነሻው መሥመር ላይ መቆም አለበት። ገንዘብም ይጠፋል። በ2020 ድምፃዊ ሃጫሉ ሁንዴሳ ከተገደለ በኋላ በተነሣው ሁከት የኃይሌ የሻሸመኔና የዝዋይ ሆቴሎች ተቃጠሉ። የዓመታት ሥራ በአጭር ጊዜ ዐመድ ሆነ። ልማድ ግን እሳት አይነካውም። ደብተሩ ከሌለ በኋላ የቀረው የክንዱ አያያዝ ማለት ይህ ነው። ንጋት ላይ የመነሣት፣ ቃልን የመጠበቅ፣ ሲሸነፉም ወደ ልምምድ የመመለስ ልማድ ከሩጫ ወደ ሆቴል፣ ከሆቴል ወደ እርሻ ይሻገራል።

ይህ መሻገር ግን ቀላል እንዳይመስል። በኖቬምበር 2010 ኃይሌ በኒውዮርክ ማራቶን ጉልበቱን አሞት አቋርጦ ወጣና ሩጫ ማቆሙን ተናገረ። ጥቂት ቀን ቆይቶ አሳቡን ለወጠ። ያን ጊዜ ሕንፃም ሆቴልም ነበረው። ከውድድር መሰናበቱን በመጨረሻ የተናገረው በሜይ 2015 በማንቸስተር ነው። ባለ ሕንፃው ሰው ከመጀመሪያ ስሙ ለመለየት ዓመታት ከፈጀበት፣ ሕንፃ የሌለው ሰው ቢቸግረው ምን ይደንቃል? በ2016 የኢትዮጵያ አትሌቲክስ ፌዴሬሽን ፕሬዚደንት ሆኖ ተመረጠ፤ በ2018 ሥልጣኑን ለቀቀ። አዲስ ጅምር ሁሉ እንደ ሲድኒ አያልቅም ማለት ነው።

ልማድ የሚሻገረው ወደ ሀብት ብቻ እንዳይመስለን ሻምበል አበበ ቢቂላን እናስብ። በ1960 በሮማ ባዶ እግሩን፣ በ1964 በቶኪዮ ጫማ አድርጎ ማራቶንን አሸነፈ። በ1969 መኪናው ተገልብጦ ከወገቡ በታች ሰለለ። ዓለም የሚያውቀው በእግሩ ነበር፤ እግሩ ተወሰደ። እርሱ ግን በተሽከርካሪ ወንበር ተቀምጦ ቀስት መወርወር ተማረ፤ የጠረጴዛ ቴኒስ ተጫወተ። በ1971 በኖርዌይ በውሻ በሚጎተት የበረዶ ተንሸራታች ከአካል ጉዳተኞች ጋር ተወዳድሮ አሸነፈ። በ1973 በ41 ዓመቱ አረፈ። ንግድ አልነበረውም፤ ሆቴል አላቆመም። የሁለት ኦሊምፒክ ባለድል ሆኖ ሳለ በማያውቀው ጨዋታ ጀማሪ ለመባል ግን አላፈረም። እኛ ታላቅነት የምንለው ይህንን ነው።

ሌላም ምሳሌ አለ፤ ይህ ደግሞ ከእኛ ኑሮ ይቀርባል። ዩስራ ማርዲኒ የሶርያ ዋናተኛ ነች። በ2015 ከእኅቷ ጋር ከቱርክ ወደ ግሪክ በትንሽ ጀልባ ስትሻገር ሞተሩ ባሕር ላይ ቆመ። መዋኘት የሚችሉት ጥቂቶች፣ ሁለቱ እኅትማማቾችም ከእነርሱ ጋር፣ ወደ ውኃው ወርደው ከሦስት ሰዓት በላይ ጀልባዋን ይዘው እየዋኙ እስከ ሌስቦስ ደሴት አደረሷት። ለሜዳሊያ የተማረችው ዋና በዚያ ቀን ሜዳሊያ አላመጣም፤ የሰው ነፍስ አተረፈ። በ2016 በሪዮ ዴ ጃኔሮ ለመጀመሪያ ጊዜ በተቋቋመው የስደተኞች ኦሊምፒክ ቡድን ውስጥ ዋኘች። በዚያው ቡድን ከአሥሩ ስፖርተኞች አንዱ በሉክሰምበርግ በስደት የሚኖረው ኢትዮጵያዊው የማራቶን ሯጭ ዮናስ ክንዴ ነበር። አገሩ ቢርቅም ሩጫውን አልጣለም። የሊቢያን መንገድና የሜዲትራኒያንን ባሕር ስንሰማ ለምንኖር ሰዎች ይህ ታሪክ ትርጉሙ ግልጽ ነው፤ ሙያ ከተማረለት ነገር ሌላ ሥራም አለው።

አሁን ወደ ራሳችን እንመለስ። በካርቱም ደይም ሰፈር፣ በየጎዳናውም ጥግ፣ ከሰልና ጀበና ይዘው ሻይና ቡና የሚሸጡ እኅቶቻችንን የማያውቅ የለም። የአገሩ ሰው «ሲት ሻይ» ይላቸዋል። ከእነርሱ መካከል አገር ቤት ሳሉ ጽሕፈት ቤት የሠሩ፣ ያስተማሩ፣ የራሳቸው ሱቅ የነበራቸው አሉ። ጋራዥ ገብተው ጎማ የሚለጥፉ ወንድሞቻችንም እንደዚሁ። ኤፕሪል 15 ቀን 2023 በካርቱም ጦርነቱ ሲፈነዳ ብዙዎቹ ያቺን ከሰልና ጀበና እንኳ ጥለው ሸሹ። የኃይሌ ሆቴል መቃጠልና የአንዲት ሻይ ሻጭ ምድጃ መቅረት በሚዛን አንድ አይደሉም። እርሱ ባንክ፣ ጠበቃና ስም አለው፤ እርሷ አንዳንዴ የሥራ ፈቃድም የላትም። ይህን ልዩነት ሸፋፍነን «ሁላችንም እኩል እንጀምራለን» ብንል ውሸት ይሆናል። ነገር ግን በማግሥቱ ሌላ ማንቆርቆሪያ ተበድራ ውኃ የጣደች ሴት ያደረገችው ነገር በዓይነቱ አበበ በኖርዌይ በረዶ ላይ ካደረገው ነገር አይለይም። ልዩነቱ የሚያጨበጭብ አለመኖሩ ነው።

በመካከላችን ሁለት ስሕተት እናያለን። አንደኛው፣ ከሥራው የወረደ የመሰለው ሰው የድሮውን ማዕረግ እየቆጠረ መዋል ነው። «ሥራ ያጣ መነኩሴ ቆቡን ቀዶ ይሰፋል» እንደሚባለው የትናንቱን ይተረትራል፤ መልሶም ይሰፋዋል። ሁለተኛው ስሕተት የዚያ ተቃራኒ ነው፤ «ያለፈው አልፏል» ብሎ የሰውን ያለፈ ድካም መናቅ። መምህሩ ዛሬ ሻይ ቢሸጥ «መምህር» ብሎ መጥራት ሽንገላ አይደለም። ያስተማራቸው ልጆች ማንበብ ይችላሉ፤ ያ አልተሰረዘም። የምሩጽ ሁለት ወርቅም በቶሮንቶ ኑሮው ምክንያት ወደ ነሐስ አልተለወጠም። ትናንት የተሠራ ሥራ ሥራ ነው። የሚጎዳን በዚያ ላይ ተቀምጠን ዛሬን ስንጠላው ነው።

ስለዚህ ለመጀመሪያው ጥያቄ የምንሰጠው መልስ ይህ ነው፤ ሙያው ሲቀር የሚቀረው ሰው እንደገና ጀማሪ ለመሆን የሚደፍረው ሰው ነው። ሀብታም ሊሆን ይችላል፤ ላይሆንም ይችላል፤ እርሱን ዘመንና ሕግ ይወስናሉ። መድፈሩ ግን የእርሱ ነው። የእኛም የጎረቤቶቹ ግዴታ አለብን። አዲስ የመጣን ሰው «ምን ነበርክ?» ብለን ከጠየቅን በኋላ በዚያው እንዳናቆም፤ «ምን ልትሞክር ታስባለህ? ምን እናግዝህ?» ብለን እንጨምር። ጎማ መለጠፍ የሚማረው የቀድሞ ሃምሳ አለቃ የመጀመሪያውን ጎማ ሲያበላሽ የምንስቅበት ከሆነ፣ ሁለተኛውን እንዳይነካ ያደረግነው እኛ ነን።

የደረስንበት አሳብ ይህ ነው። ከሦስቱ ተከራካሪዎች የአንዱን ወገን የያዘና መልሳችን ያላረካው አንባቢ በጽሑፍ ይመልስልን። ይህ ቅጠል ከእጅ ወደ እጅ ሲያልፍ በጀርባው የሚጻፍበት ባዶ ቦታ ትተናል፤ ብዕር የሌለው ቃሉን ለሚጽፍለት ይንገር።